ሟቹን ምን ብዬ ልጥራው?

ሰኞ፣ ጥቅምት 6 ቀን 1999 ዓ.ም. መካነ ኢየሱስ

ገብስ አስፈጨሁ። ወፍጮ ቤት ወረፋው ረጅም ነበር። ጉልበቴ ዛሬ ደህና ነው።

የጎረቤቴ የስንዱ ቪዲዮ ቤት ከስምንት ሰዓት ጀምሮ ሲጮህ ዋለ። ጩኸቱን ለምጄዋለሁ፤ ጀነሬተሩንም። ያልለመድኩት ሞላን ነው። የፈረንጁን ፊልም በማይክ ያስተረጉማል… ግድግዳው ጭቃ ስለሆነ ሁሉም ይሰማኛል። እንግሊዝኛውም፣ የሱ አማርኛም። ሁለቱ ግን ተዋውቀው አያውቁም። ሴትዮዋ «ሳትሞት ይቅርታ ልጠይቅህ ይገባኝ ነበር» ስትል ሞላ «ገደልኩህ!» አለ። ሕዝቡ አጨበጨበ። የያዝኩትን እንጀራ መሶቡ ላይ መለስኩት።

ስልሳ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ሠላሳ አንዱን እንግሊዝኛ ሳስተምር ኖሬአለሁ። እኔን ያስተማረኝ ህንዳዊ ለአንድ የተሳሳተ ግስ አንድ ማስመሪያ ጣት ላይ ያሳርፍ ነበር። ጡረታ ወጥቼ በገዛ ቤቴ ይህን ልስማ?

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 7

ሄድኩ። ስንዱ ተማሪዬ ነበረች። አርባ ዓመት ሞልቷት እንኳ ስታየኝ ትነሣለች።

«እትዬ ብርነሽ፣ ጩኸቱ አስቸገረዎት?»

«ጩኸቱ አይደለም። ግሡ ነው።»

ሞላ ሳቀ። «እትዬ፣ ሰው የሚፈልገው ድብድብ ነው። ሙትም ብትሆን ካልተደባደበች ማን ያያታል?»

«ምን እንዳለች ሳታውቅ እንዴት ትደባደባለች?»

«እንግዲያው ማይኩ ያውልዎት!» አለ። ሊያላግጥብኝ ነው። ተቀበልኩት። ፊቱን ማየት ነበር…

ስንዱ ከፌስታል ሦስት ሲዲ አወጣች። ከባሕር ዳር የመጡ ናቸው። ሦስቱም የሙታን ታሪክ። በየሽፋናቸው ሽልማት እንደበሉ ተጽፏል። ሰው ስለማይገባው አስቀምጣቸው ኖሯል። «ደም እንኳ የላቸውም እትዬ። ግን ካየኋቸው ወዲያ ብቻዬን እልፍኝ መግባት እንቢ ይለኛል። ለምን እንደሆነ እንጃ።»

ለምን እንደሆነ እኔ ላጣራዋ።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 11

ገበያ ቀን ስለሆነ ቤቱ ሞላ። የመጀመሪያው የእንግሊዞች ነው። ትልቅ ቤት፣ ረጅም ደረጃ። ነጭ የለበሰች ሴት በደረጃው ትወርዳለች። በነሱ አገር ሰው የሚጮኸው እዚህ ላይ መሆኑ ያስታውቃል። ሙዚቃው አስቀድሞ ይናገራል።

አንድ ገበሬ ከኋላ፣ «ቅዳሴ ረፍዶባት ነው!»

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። እውነቱን እኮ ነው። ነጭ ማንን ያስፈራል? ከፊቴ የተቀመጡት ሁሉ ነጭ ለባሽ ናቸው። እኔም። ሳቄ አመለጠኝ… በማይክ!

ሰኞ፣ ጥቅምት 13

ሳስበው ነበር። ሙዚቃው ቀድሞ «አሁን ፍራ» የሚልህ ፊልም አያስፈራም። መልሱን ሰሌዳ ላይ ጽፎ ጥያቄ እንደሚጠይቅ መምህር ነው። ለዚህ ነው ሽልማት የሰጡት? ከአሥር አምስት።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 18

ሁለተኛው የጃፓን። ከሥሩ እንግሊዝኛ ተጽፎበታል፤ እያነበብኩ ተረጎምኩ። ባሏ የሞተባት ሴት ብቻዋን ትኖራለች። ጠዋት ውሃ ቀድታ ስትመለስ መኝታዋን ተጣጥፎ ታገኘዋለች። በሩን ቆልፋ ትሄዳለች፤ ተጣጥፏል። ጠርዙ ከጠርዙ ገጥሞ፣ ሟች አማቷ ያጥፉት እንደነበረው። አማቲቱን አንድ ጊዜም አናያቸውም። ሌላ ምንም የለም። መኝታ ብቻ።

ያው ገበሬ «ምነው እኔም ቤት በመጡ!» አለ። ሳቁ ግን አልዘለቀም። መጨረሻው ላይ የጀነሬተሩ ድምፅ ብቻ ነበር።

ከአሥር ዘጠኝ። አንዱን የቀነስኩት ለፊደሉ ነው፤ ሁለት የፊደል ስህተት ነበረበት።

እሑድ፣ ጥቅምት 19

ስንዱ «መኝታዬን አጥፌ ነው ወይስ ሳላጥፍ የወጣሁት?» ብላ ከቅዳሴ መልስ ወደ ቤቷ ስትሮጥ አየኋት። ፊልሙ ሠርቷል።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 21

ሦስተኛውን ከስንዱ ጋር ብቻችንን በቀን አየነው። ሳልዘጋጅ ክፍል ገብቼ አላውቅም።

የዓሣ አጥማጆች መንደር ነው። አባትዬውን ባሕር ወስዶታል። ሬሳው አልተገኘም። እናትዬው ንጹሕ ወዳድ፣ ቁጡ ሴት ናት። በቁሙ ሳለ በረጠበ ጫማ ቤቷን አታስረግጠውም ነበር። አሁን በየማታው፣ በዱሮው ሰዓቱ በሩ ይንኳኳል። ትንሿ ልጁ «ማነው?» ትላለች። «እኔ ነኝ» ይላል። «ጫማዬ ርሷል፣ አልገባም። ደህና መሆናችሁን ላይ ብዬ ነው።» ይሄዳል። በማግስቱም እንደዚያው።

አይጮህ። አይበቀል። አንድ ነገር አይለምን። ሞቶ እንኳ የቤቱን ሥርዓት ይጠብቃል… እኔን ያስፈራኝ ይኸው ጨዋነቱ ነው።

ባሌን ሥዩምን፣ ነፍሱን ይማረው፣ ክረምት በገባ ቁጥር ጭቃውን ሳያራግፍ አላስገባውም ነበር። ሠላሳ ዓመት። አሁን ይህ ምን አስታወሰኝ?

ረቡዕ፣ ጥቅምት 22

ቃሉ አስቸገረኝ። እናትዬው ለልጇ በሩ ላይ ያለው ምን እንደሆነ በአንድ ቃል፣ «ጎስት» ብላ ትነግራታለች። ያን ቃል በአማርኛ ምን ልበለው?

ሞላ ሰይጣን ይለዋል። ሰይጣን ጫማው ቢረጥብ ይጨንቀዋል? ዛር? ዛር ሰው ላይ ይወርዳል እንጂ በር አያንኳኳም። መንፈስ? ቃሉ የመንፈስ ቅዱስ ነው፤ ለፊልም አላዋርደውም። ጣረ ሞት? እሱ ሊሞት ያለ ሰው ጭንቅ ነው፣ ይህ ደግሞ ሞቶ አብቅቷል። ምትሐት? አባቴ መሪጌታ ቀለመወርቅ ቤተ ልሔም ደብር ሆነው ሲያስተምሩኝ ምትሐት የዓይን ማታለያ ነው ብለውኛል። እንዲያ ከሆነ ምትሐት ቴሌቪዥኑ ነው፣ ሰውዬው አይደለም።

«ሟቹ ነው» እላለሁ። ሰው ነበር፣ ሞተ። ከዚህ የሚበልጥ አልተነገረኝም።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 25

አሳየን። «ሟቹ ነው፣ ሟቹ አባትሽ ነው» አልኩ። ማንም አልሳቀም።

ፊልሙ የሚያልቀው የልጅቱ እጅ የበሩ መወርወሪያ ላይ እንዳለ ነው። ትክፈት አትክፈት አይታይም። ቤቱ በተቃውሞ ተነሣ። «ከዚያስ?!» «ቀሪውን አምጪ!» ሞላ ጆሮዬ ሥር፣ «እትዬ፣ ክፍል ሁለት የለውም?» የለውም። ቢኖረው ኖሮ አሁኑኑ በረሱት።

ሰው ከወጣ በኋላ ሽንኩርት ቸርቻሪዋ ማሚቴ ቀረች። ባሏ ባድመ ቀርቷል። መርዶው መጣ እንጂ ሬሳው አልመጣም።

«እትዬ፣ ለምን አልገባም አለ?»

«ጫማው ስለራሰ ነዋ።»

«እኔ ብሆን ከነጭቃው አስገባው ነበር» አለችኝ። አለቀሰች፣ ነጠላዋን አስተካከለች፣ ፊቷ ቀለል ብሎ ወደ ሽንኩርቷ ሄደች።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 28

አባ ፊልጶስ መጡ። ሃያ ሁለት ዓመት የነፍስ አባቴ ናቸው። ጠላ ቀዳሁ፤ አልነኩትም። በክርስትና ስሜ ጠሩኝ።

«ወለተ ሥላሴ፣ ማሚቴን ምን አደረግሻት?»

«ምን ሆነች?»

«ትናንት በመድኃኔዓለም መጥታ፣ ‹አባ፣ ባሌ እስካሁን በር ላይ ቆሞ ይሆን?› አለችኝ። ሰባት ዓመት ያጽናናኋት ሴት!»

«እርስዎስ ምን አሏት?»

«ሟች አይመጣም አልኳት። የሚመጣው በሟች የተመሰለ ጋኔን ነው።»

«እሷስ?»

የዝንብ ጭራቸውን ወዲያ ወዲህ አደረጉ። «… አለቀሰች።»

«እኔም ዘንድ አልቅሳ ነበር። ቀሏት ነው የሄደችው።»

«ከእኔ ጋር አትወዳደሪ! ቃሉን ለውጪ። ጋኔን በይውና እንደፈለጋችሁ አሳዩ።»

«ፊልሙ ውስጥ ጋኔን የለም አባ።»

«ታዲያ ምን አለ?»

ነገርኳቸው። ባሕሩን፣ ቁጡዋን ሴት፣ ጫማውን… ጭራው ከእጃቸው ወድቆ አላዩትም። ልጅቱ ተነሥታ ወደ በሩ ስትሄድ ላይ ደርሼ ሳለ ድንገት ራሳቸውን አወቁና ብድግ አሉ።

«በቃ! በሚመጣው ቅዳሜ ሟች መጣ ካልሽ ነፍስ አባትሽ አይደለሁም። ሌላ ፈልጊ።»

ሌላ ከየት? አባ ፊልጶስ የለቀቋትን ማን ይቀበላል? ነፍስ አባት የሌለው ሰው ፍትሐት የለውም። ልጅ አልወለድኩ፣ የሚሟገትልኝ የለ። ከሥዩም አጠገብ ያለው የመቃብር ቦታዬ…

ይህን ሁሉ ያውቃሉ። አውቀው ነው ያሉት።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 29

በደርግ ጊዜ ካድሬው እግዚአብሔር የሚለውን ስም ከሰሌዳው ደምስሺ ብሎኝ አልደመሰስኩም። ያኔ ማን አመሰገነኝ? አባ ፊልጶስ።

ዓርብ፣ ኅዳር 1

ስንዱ መጣች። «እትዬ፣ ይቅርብን። ሌላ ፊልም እናሳይ። እርስዎ ያለ ነፍስ አባት ከሚቀሩ…»

«አንቺ የተማርሽው ከማን ነው?»

«ከእርስዎ።»

«እንግዲያው ሂጂና አግዳሚውን አስተካክዪ።»

ሌሊቱን ግን ዋሽቼ አልጽፍም… ፈርቻለሁ። ፊልሙን አይደለም።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 2

ሰው እስከ ደጅ ቆመ። የአባ ፊልጶስ ዲያቆን ከአግዳሚው ጫፍ ተቀምጧል። ሊሰማኝ እንደመጣ አውቃለሁ፤ እሱም ማወቄን ያውቃል።

ያ ቦታ ደረሰ። ልጅቱ «እማ፣ በሩ ላይ ያለው ምንድን ነው?» አለች። እናትዬው ቃሉን አለችው። አፌን ከፈትኩ። «ሟቹ» ልል ነበር፤ በእውነት ልል ነበር። የሕዝቡን ፊት አየሁ። ሁሉም ወደ በሩ እያየ ነው። ቴሌቪዥኑ ውስጥ ወዳለው በር ብቻ አይደለም፣ የስንዱንም በር ያያሉ።

ማይኩን አወረድኩ። ዝም አልኩ።

ከሟቹም ከጋኔኑም ይበልጥ ከበደ። ስም ያልወጣለት ነገር ቤቱን ሞላው። አንዲት ሴት ሕፃኗን ጭምቅ አደረገች። ሞላ ደረቱን ይዞ ቆሟል፣ ድብድብ ፈላጊው!

ሠላሳ አንድ ዓመት ተማሪ ዝም ሲለኝ መልሱን አላወቀም ብዬ ቀጥቻለሁ። ስንቱ አውቆ ዝም ብሎኝ ይሆን?

እሑድ፣ ኅዳር 3

ከቅዳሴ በኋላ አባ ፊልጶስ ከሩቅ ፈገግ አሉልኝ። መስቀል አሳለሙኝ። «ዲያቆኑ ነገረኝ። ሟች አላልሽም። ታዘዝሽ፣ እግዚአብሔር ይስጥሽ።»

እዚያው ላይ ዝም ብል ኖሮ ሁሉም ነገር ያልቅ ነበር። ፍትሐቱም፣ ከሥዩም አጠገብ ያለው ቦታም በእጄ ነበሩ። እግሬም ሊሄድ ተነሥቶ ነበር።

ተመለስኩ።

«አባ፣ አልታዘዝኩም።»

«ምን?»

«ዝም ያልኩት ለፊልሙ ስለሚሻል ነው። ሟች የሚለው ቢሻል ኖሮ እርስዎ ፊት ለፊት ቢቀመጡም እለው ነበር። ባልሠራሁት ምስጋና አልወስድም።»

ሴቶቹ ቆመው ሰሙ። የአባ ፊልጶስ ፊት ጠቆረ። «እንግዲህ ራስሽ ፈረድሽ» አሉ። «ከዛሬ ጀምሮ ነፍስ አባትሽ አይደለሁም።»

«ይፍቱኝ» አልኳቸው፣ ሥርዓቱ ነውና። አልፈቱኝም።

ቤቴ እስክደርስ ቀና ብዬ ሄድኩ። ቤቴ ገብቼ ግን ተቀመጥኩ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 5

ማሚቴ ሽንኩርት ይዛ መጣች። አልከፍልም ስትል አልቀበልም ብዬ ተጨቃጨቅን… ማለቴ እሷ አልቀበልም፣ እኔ እከፍላለሁ። ጭንቅላቴ ሥራ ፈቷል። «እትዬ፣ እኔ ቆሜ እናገራለሁ ቀብርዎ ላይ» አለችኝ። ገና አልሞትኩም አልኳት።

ሐሙስ፣ ኅዳር 7

ረፋዱ ላይ አጥሩ ሥር ሳል ሰማሁ። አባ ፊልጶስ ናቸው። አልገቡም። ነፍስ አባቴ ስላልሆኑ መግባት አይችሉም፤ መሄዱንም አልሄዱም።

«ደህና አደርሽ?»

«እግዚአብሔር ይመስገን። ይግቡ።»

«አልገባም። አንድ ነገር… ለማወቅ ያህል ነው። ያቺ ልጅ በሩን ከፈተች?»

«የቱ ልጅ?»

«አታድክሚኝ ወለተ ሥላሴ! ያቺ የዓሣ አጥማጁ ልጅ። ወደ በሩ ሄደች ብለሽኝ አልነበር? ከዚያስ?»

«ከዚያ እጇን መወርወሪያው ላይ አደረገች። አለቀ።»

«እንዴት ያልቃል?»

«አለቀ አባ። ፊልሙ እዚያ ላይ ያበቃል።»

አጥሩን በሁለት እጃቸው ያዙ። ወዲያ ተራራውን አዩ፣ ወዲህ አዩ። «ታዲያ…» አሉ ቀስ ብለው፣ «እሱ እስካሁን በር ላይ ነው?»

ሰማሁ። በሕይወቴ አንድም ተውላጠ ስም አምልጦኝ አያውቅም።

«እሱ አሉ አባ።»

«ምን?»

«ጋኔኑ አላሉም። እሱ አሉ።»

አልተቆጡም፤ ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። ጭራቸውን ትከሻቸው ላይ ጣሉና በመጡበት ሄዱ። ነፍስ አባትሽ ነኝ አላሉም። እኔም አልለመንኩም።

ስንዱ የባሕር ዳሩን ነጋዴ ሌሎች እንዲያመጣ ነግራዋለች። እንደዚህ ዓይነት፣ ደም የሌለባቸው። ሞላ ከሰኞ ጀምሮ ግስ ሊማር ይመጣል፤ ማስመሪያዬን ፈልጌ አግኝቻለሁ። ከአሁን በኋላ አንዱን ፊልም እሱ ያስተረጉማል፣ አንዱን እኔ።

ዛሬ ብሞት ያለ ፍትሐት ነው የሚቀብሩኝ። ይቅበሩኝ። እመለሳለሁ። አባ ፊልጶስ ያኔ ምን ብለው እንደሚጠሩኝ እንሰማለን።