ኮሩ ያስተማራት ልጅ

መተማ፣ ሰኔ 19 ቀን 1978 ዓ.ም.

ለውዱ ባለቤቴ ለይርዳው፣ ሱዳን፣ ገዳሪፍ

ይርዳዬ፣ ጤናህ እንዴት ነው? የእኔን አትጠይቀኝ፤ ውሸት ከምጽፍልህ ወደ ጉዳዩ ልግባ። ይህን ወረቀት ያመጣልህ በድንበር የሚመላለሰው ነጋዴ ኸሊፋ ነው፤ ከኸሊፋ ጋር ደግሞ ልጅህ አለች። አዎ፣ መስከረምን ልኬልሃለሁ። ከሄድክ ጀምሮ "ላኪልኝ" ስትለኝ "አልልክም" እያልኩ ስሞግትህ የኖርኩት ሴትዮ ዛሬ በገዛ እጄ ሸኘኋት። ደስ ብሎህ ከመነሳትህ በፊት በሩን ዝጋ፤ ብቻህን ሆነህ አንብበው።

ወንድምህ ውባንተ ሞቷል።

መርዶ በወረቀት እንደማይላክ አላጣሁትም። በማለዳ ዘመድ ተሰብስቦ፣ ግራና ቀኝ ሰው ደግፎህ ነበር መስማት የሚገባህ። ግን ከዚህ ሞት ጋር የምነግርህን ካንተ በቀር ማንም እንዲያውቀው አልፈልግም፤ ምክንያቱን ስታነብ ትረዳዋለህ። ይህን ፊደል ያስቆጠረኝ እሱ ነው፤ በመሠረተ ትምህርት ጊዜ "እትዬ፣ እጅሽ ከማጭድ ሌላም ይይዛል" እያለ እየቀለደብኝ። ሞቱን እንድጽፍበት ነው ለካ ያስተማረኝ።

ባለፈው ደብዳቤህ "ውባንተ ተማሪዎቹን ዱር ለዱር ሲያንከራትት ይውላል፤ ይሄ ፍየል ጥበቃ እንጂ ትምህርት አይደለም። እዚህ በሸክላ የተሠራ ትምህርት ቤት አለ" ብለህ ጽፈህ ነበር። አነበብኩለት። ሳቀና "ወንድሜ ምን ያድርግ፣ ትራክተር ላይ ተቀምጦ ምድሩን ከላይ ነው የሚያየው" አለኝ።

ከቤታችን ጀርባ ያለውን ኮር ታውቀዋለህ፤ በጋውን ሙሉ አሸዋ ብቻ የሆነ ወንዝ፣ ክረምት ሲገባ ነፍሰ ገዳይ። ግንቦት ላይ ልጆቹን ዳር ካለችው ኩርኩራ ዛፍ ስር ሰብስቦ፣ ከራሳቸው በላይ ቅርንጫፉ ላይ የተንጠለጠለ ደረቅ ሣር አሳያቸው። "ይህን ሣር ማን ሰቀለው?" አላቸው። የአዱኛ ልጅ "ዝንጀሮ!" ብሎ አሳቃቸው። "ውሃ ነው" ያለችው መስከረም ናት። ከዚያ በየተራ ከግንዱ ጋር እያቆመ ከራሳቸው እስከ ሣሩ ያለውን በክንድ አስለካቸው፤ ሂሳቡም ሳይንሱም እሱ ሆነ። ጉንዳን እንቁላሉን ተሸክሞ ዳገት ሲወጣ፣ ከምሥራቅ የእርጥብ አፈር ሽታ ሲመጣ፣ የጭልጋ ሰማይ ሲጠቁር፣ እዚህ ፀሐይ ቢሆንም እንኳ አሸዋው ላይ እንዳይገኙ አስጠናቸው። ደገኛ ይህን አያውቅም። በደጋ ወንዝ የሚሞላው አናትህ ላይ ዘንቦ ነው፤ የኛ ጎርፍ ግን ላይ ጭልጋ ዘንቦ እዚህ በጠራራ ፀሐይ ይመጣል።

ወታደር የመጣብን ለአፈሳ ነው። ሰኔ በገባ በመጀመሪያው ሐሙስ ልጆቹ ኩርኩራዋ ስር እየተማሩ ነበር። ውባንተ የመኪናውን አቧራ ከሩቅ አየና ለውትድርና የደረሱትን ትልልቆቹን "ዛሬ ስለ ሽመል ነው የምንማረው፤ ሂዱና ቅጠሉን አጥኑ፤ እኔ ሳልጠራችሁ እንዳትመለሱ" ብሎ ወደ ሽመሉ፣ ወደ ቀርከሃው ጫካ ሰደዳቸው። የመቶ አለቃው ሲደርስ ያገኘው ትንንሾቹን ብቻ ነው።

"ትልልቆቹ የታሉ?" አለው።

"ክፍል ናቸው።"

"ክፍሉ የት ነው?"

ውባንተ በእጁ ጫካውን አሳየው።

በሰደፍ አፉን መታው። ጥርሱ ረገፈ። "ጥራቸው!" ሲለው "ትምህርታቸውን አልጨረሱም" አለ፤ ደም እየተፋ፣ በዚያች በምታውቃት ግትርነቱ። በሁለተኛው ምት ወደቀ። የተኮሱበት ከወደቀ በኋላ ነው፤ ሕፃናቱ ፊት። መስከረም አጠገቡ ነበረች። ደሙ የረጨውን ቀሚስ አላወልቅም ብላ እየታገለችኝ በግድ ነው ያወለቅኩላት።

ሬሳውን ጎትተው ዳገቱ ላይ አጋደሙትና ልጆቹ ከጫካ ካልወጡ አይነሳም አሉ። የመቶ አለቃው እግር ላይ ወድቄ ለመንኩት፤ በጫማው ደረቴን መታኝ። እስካሁን ስተነፍስ ይወጋኛል። ጅብ እንዳይደፍረው ጎረቤቶቻችን አሰፋችና ባየሽ ከሩቅ እሳት እያነደዱ አደሩ። ወታደሮቹ ልጆቹን እስኪያገኙ ኮሩ ውስጥ ሰፈሩ። አሸዋው ለስላሳ፣ ጥላ አለው፣ ከሽፍታ ዓይን ይሰውራል፣ ሲጭሩት ውሃ ይወጣዋል። ገነት መሰላቸው። እኛን ሴቶቹን ምግብ አመላልሱ አሉን።

ቅዳሜ ረፋዱ ላይ ከመስከረም ጋር እንጀራ ይዘን ወረድን። ከመካከላቸው ጀይሉ የሚሉት የወሎ ልጅ ነበረ፤ ሳይናገርም ፊቱ ለሰው የሚቀርብ። ከኪሱ ጋሌጣ ብስኩት አውጥቶ ሰጣት።

"ስንተኛ ክፍል ነሽ የኔ እህት?"

"አራተኛ።"

"አብሽሪ፣ በርቺ። እኔም መምህር ልሆን ነበር፤ ከገበያ አፍሰው ነው ያመጡኝ" አላት።

መስከረም ጋሌጣውን ይዛ መሬት መሬት አየች። ጉንዳኖቹ ነጫጭ እንቁላላቸውን ይዘው ገደሉን እየወጡ ነበር። ቀና ብላ የጭልጋን ሰማይ አየች፤ ጠቁሯል። እኔም አይቻለሁ። "ጋሼ..." ብላ ስትጀምር አፏን በመዳፌ ያዝኩት። "አፏ ቆስሎ ነው፣ መናገር ያማታል" አልኩትና ጎትቼ ዳገቱን አወጣኋት። እጄን ነከሰችኝ። የጥርሷ ምልክት አሁንም አውራ ጣቴ ስር አለ።

ብትቆጣኝ ተቆጣ። ወንድምህ እኮ ዝንብ ወርሮት ተጋድሞ ነበር።

ድምፁ መጀመሪያ የጭነት መኪና ይመስላል። ወታደሮቹም መኪናቸው የመጣ መስሏቸው ከተጋደሙበት ብድግ አሉ። ከዚያ ግንድና ድንጋይ እየገፋ፣ የሞተ ጥጃ ተሸክሞ፣ ቀይ ውሃ ከመታጠፊያው ወጣ። የመቶ አለቃውን ጫማውን አውልቆ በተኛበት ወሰደው። ጠመንጃቸውን ሊያነሱ የዞሩት አልወጡም። አንዱን ግንድ ከድንጋይ ጋር ሲያጣብቀው አጥንቱ ሲሰበር ሰማሁ። ጥቂቶቹ በወዲያኛው ዳር ወጥተው ወደ ሸሕዲ ከተማ ሸሹ። ጀይሉ የኩርኩራዋን ሥር ይዞ ነበር። መስከረም ከእጄ አምልጣ ወረደችና ነጠላዋን ወረወረችለት። ያዘው። ውሃው ሁለቱንም ሲጎትት ደረስኩና ነጠላውን ከእጇ ፈልቅቄ ለቀቅኩት። "እማዬ!" እያለ ሄደ። የእሱን እናት ነው የጠራው፤ የሰማችው ግን እኔ ነኝ።

ውባንተን በዚያው ቀን ቀበርነው። ልጆቹም ከሽመሉ ወጥተው ሬሳውን ተሸከሙ። በማግስቱ የወታደሮቹን ሬሳ ከእሾህ ላይ እያላቀቅን ቀበርን። ጀይሉን ያገኘችው መስከረም ናት። ማታ "እማ፣ አጎቴ ያስተማረኝ ሰው ለመግደል ነው ወይ?" አለችኝ። ገደልሽ ያለሽ የለም፣ ገዳይስ እኔ ነኝ ብላት ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች።

ከዚያ ወዲህ ቤት አትቀመጥም። ነጋ ጠባ ኮሩን ዳር ለዳር እየሄደች አሸዋው ላይ ያየችውን ሁሉ፣ ሰውም ይሁን አህያ፣ "ውጡ!" እያለች ታባርራለች። ባለፈው ሳምንት ለአረም የመጡ የጎጃም ሠራተኞች ጓዛቸውን አሸዋው ላይ ዘርግተው ምሳቸውን ሲያበስሉ ደረሰችባቸው። ሳቁባት። ብረት ድስታቸውን በእግሯ ገለበጠችባቸው። ዱላ ይዘው እያሳደዷት ዳገቱን ሲወጡ ውሃው ከኋላቸው መጣና ጓዛቸውን ብቻ ወሰደ። አንዱ ሽማግሌ "አንቺ ልጅ፣ መልአክ ነሽ እንዴ?" ብሎ እግሯን ሳመ። ያን ቀን ከሐሙሱ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ እህል ቀመሰች።

ታዲያ ደግነት ምን አመጣ? ሰዎቹ ሸሕዲ ሄደው ሥራ ሲጠብቁ "መተማ ዳር ጎርፍ የምታውቅ ነቢይት ልጅ አለች" እያሉ አወሩ። ወሬው ጦር ሰፈር ገባ። የገበሬ ማኅበራችን ሊቀ መንበር ጋሽ ቢሻው ትናንት በጓሮ በኩል መጡና "ወይዘሮ አየሁሽ፣ ሰኞ ይመጣሉ። ለአራሚ የተናገረች ልጅ ለወታደር ለምን ዝም አለች እያሉ ነው። ልጅ ነች ብለው አይምሯትም" አሉኝ።

ስለዚህ ቅዳሜ ለመስከረም ለቅሶ እንቀመጣለን። በወባ ሞተች እንላለን። በዚህ ወር ወባ ልጅ ገደለ ቢባል ማን ይገረማል? ጋሽ ቢሻው መቃብሩን ያስቆፍራሉ፤ ባየሽ ሙሾውን ታወርዳለች። አሰፋች "በሕይወት ያለ ሰው ማልቀስ ሟርት ነው፣ አይሆንም" ብላ ነበር። "ሟርቱ በእኔ ላይ ይሁን" አልኳትና እያለቀሰች እሺ አለች።

አንቺስ ለምን አብረሽ አልመጣሽም ትለኛለህ። እናት የሌለችበትን የልጅ ለቅሶ ማን ያምናል፣ ይርዳው?

አሁን ስለ ልጅህ ስማኝ። ሸክላው ትምህርት ቤት አስገባት፤ አሸንፈሃል። ግን በዕረፍቷ ቀን ይዘሃት ውጣ። የዚያን አገር ነፋስ ከየት እንደሚነሳ፣ ውሃው በየት እንደሚመጣ አሳያት፤ አገሩን ካላወቀችው ፈርታ ትቀራለች። ወንዝ ስታይ ብትጮህ አትቆጣት። አጎቷ ያስተማራት ሰው ለማዳን እንደነበር አንተ ንገራት። ከእኔ አፍ አልቀበል ብላኛለች። አሁንም ኸሊፋ አህያዋ ላይ አውጥቷት ይህን ወረቀት ደጅ ቆሞ እየጠበቀኝ ነው፤ ስሰናበታት አልሳመችኝም፣ እጇን ብቻ ሰጠችኝ፣ እኔም እሱን ሳምኩት።

የሞቷ ወሬ ገዳሪፍ ይደርሳል፤ የአገር ሰዎች ሊያለቅሱልህ ይመጣሉ። ልጅቱን ከኸሊፋ ዘመዶች ጋ ደብቃትና ተቀመጥላቸው። ስሟንም ቀይርላት። "ልጄን፣ ልጄን" እያልክ በልብህ ለውባንተ አልቅስለት፤ እሱ ለቅሶ የሚቀመጥለት ወንድም አላገኘም።

መድኃኔ ዓለም ሁለታችሁን ከክፉ ይሰውራችሁ። ደግ ቀን አምጥቶ ለአንድ ማዕድ ያብቃን እላለሁ፣ ማለት አይከለከልም። ከሰኞ በኋላ ግን የእኔን መርዶ ይዞ የሚመጣ ሰው ቢኖር፣ "ይሄም የአየሁሽ ዘዴ ነው" ብለህ እንዳትጠብቀኝ። ያን ጊዜ ሰው ሰብስበህ፣ ልጄንም አጠገብህ አስቀምጠህ፣ አልቅሱልኝ።

ባለቤትህ
አየሁሽ