የአቶ ክፍሉ ናደው ሁለተኛ ዓይን

አቶ ክፍሉ ናደው ከአባታቸው ከአለቃ ናደው ተሰማና ከእናታቸው ከወይዘሮ ወሰንየለሽ አያሌው በ1951 ዓ.ም. በደብረ ታቦር ተወለዱ። አባታቸው የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ነበሩና ፊደልንና ብሩሽን አንድ ላይ ያዙ። ጻድቅ በሙሉ ፊት በሁለት ዓይን፣ ሰይጣንና ከሐዲ ግን በጎን በአንድ ዓይን እንደሚሣል የተማሩት ያኔ ነው። ይህን ሕግ እስኪሞቱ አልረሱትም፤ እንዲረሱትም አልተፈቀደላቸውም።

በ1977 ዓ.ም. በሱዳን በኩል ተሰደው በ1982 ዓ.ም. ዳላስ ገቡ። በ1986 ዓ.ም. ከወይዘሮ ጥሩወርቅ ጋር በተክሊል ተጋብተው ናሆምንና ሩሐማን ወለዱ። ከዳላስ አጠገብ ቤድፎርድ ከተማ እየኖሩ፣ እዚያው አካባቢ ፋርመርስ ብራንች ባለ የቀለም መጋዘን ከሃያ ዓመት በላይ ሠሩ። በዕረፍት ቀናቸው ዛሬ የተሰበሰብንበትን ቤተ ክርስቲያን ያለ ክፍያ ሣሉ። ከፊታችን ያለችው እመቤታችን የእጃቸው ሥራ ናት። እግሯ ሥር የተደፋው ሰው ራሳቸው ናቸው፤ እንዲህ ራስን አሳንሶ ከሥዕሉ ግርጌ ማኖር የቆየ የአባቶች ወግ ነው።

በ2011 ዓ.ም. የመጋዘኑ ባለቤት፣ በአቅራቢያችን በፍሪስኮ ከተማ ለሚሠራ የሂንዱ ቤተ መቅደስ አፕሳራ የሚባሉትን የሰማይ ጨፋሪ ቆነጃጅት እንዲሥሉ ጠየቋቸው። አቶ ክፍሉ የማያውቁትን ፊት አይሥሉምና አስቀድመው የቆነጃጅቱን ታሪክ ጠየቁ። አማልክት የወተትን ባሕር ሲንጡ የወጡ፣ የማያረጁ፣ የማንም ሚስት ያልሆኑ ናቸው ተባሉ። የአማልክት ንጉሥ ዙፋኑን የሚያሰጋ ባሕታዊ ሲነሣበት እንዲያስቱለት ይልካቸዋል፤ በጦር ሜዳ የወደቀውንም ጀግና በሰማይ ይቀበላሉ። በመቅደሱ የውጭ ግድግዳ የሚቆሙትም ወደ መቅደሱ የሚገባው ሰው የዓለምን ውበት አይቶ፣ ተደስቶ፣ ወደ ውስጥ እንዲያልፍ ነው። አቶ ክፍሉ ሰንብተው አሰቡበት። ኃጢአቱ የላኪው እንጂ የተላኪዎቹ አይደለም ብለው ሁሉንም በሙሉ ፊት፣ በሁለት ዓይን ሣሏቸው።

ወሬው እዚህ ለመድረስ አንድ ሳምንት አልፈጀበትም። የሕንጻ ኮሚቴው ሰብሳቢ አቶ ጳውሎስ ከቅዳሴ በኋላ፣ ሕዝብ ባለበት ፈረዱ፦ «ኦኬ ጋሽ ክፍሉ፣ ማርያምን ኪፕ እናደርጋታለን። ሶ እርስዎ ግን አንድ ዓይን ይበቃዎታል። እምቢ ካሉ ሁሉንም በነጭ ቀለም ከቨር እናደርገዋለን።» አቶ ክፍሉ ለራሳቸው ሳይሆን ለእመቤታችን ሥዕል ፈሩ። ተንበርክከው በገዛ ብሩሻቸው ፊታቸውን ወደ ጎን አዞሩት፣ አንድ ዓይናቸውን አጠፉት። ከኋላቸው የቆሙት አጨበጨቡ።

በ2015 ዓ.ም. ስኳር በሽታ የግራ ዓይናቸውን ወሰደው። ሐኪሙ በሽታ ነው አላቸው፤ በዚህ ቤተ ክርስቲያን የምሳ አዳራሽ ግን የእግዚአብሔር ፍርድ ነው ተባለ፣ ያውም ምሳ እየተበላ። ወይዘሮ ጥሩወርቅ ምግቡን ሲያቀርቡ ሰምተዋል። ፍሪስኮ ያሉት ቆነጃጅት ዛሬም ሁለት ሁለት ዓይን አላቸው።

በመጨረሻ ኩላሊታቸው ደክሞ ሰኔ 9 ቀን 2017 ዓ.ም. በስድሳ ስድስት ዓመታቸው አረፉ። ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውንና ይህን የጻፈችውን እህታቸውን ዕፀ ሕይወትን ትተው ሄደዋል። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም ይባላል፤ ዛሬ በፊት ወንበሮች መሐረብ በዝቷል፣ እንባ ግን የለም። የኮሚቴው የአበባ ጉንጉን ደርሷል፤ ከደጅ ተቀምጧል።

በሥዕሉ ላይ ያጠፉት ዓይናቸው እስከ አርባቸው ድረስ እንዲመለስላቸው ቤተሰቡ ማንንም አይለምንም። ብሩሻቸው አብሯቸው አይቀበርም፤ በወይዘሮ ጥሩወርቅ ቦርሳ ውስጥ ነው። ምስላቸውም ከሥዕሉ ግርጌ ነው፣ መሰላል አይፈልግም።

ሰውን በጎን የማያይ አምላክ ነፍሳቸውን በሙሉ ፊቱ ይቀበልልን። አሜን።