ትከሻሽ ላይ የቀሩት ሁለት ጣቶች

ኖምሳዬ፣ የኔ ቆንጆ፣

ከተለየሽኝ አንድ ዓመት ከሦስት ሳምንት ሆነ። ዛሬ ደስ ብሎኛል። ደስ ሲለኝ ደግሞ ወሬ እንደማላቆም ታውቂያለሽ፤ ተመቻችተሽ ስሚኝ። የምጽፍልሽ አውቄ በአማርኛ ነው። በእንግሊዝኛና በዙሉ ስለ አንቺ የሚጽፍ ሞልቷል። አማርኛን ግን ፍሪጁ ላይ ከለጠፍኩልሽ የፊደል ገበታ፣ ጣትሽን እያስኬድሽ፣ አራት ዓመት ፈጅተሽ ከእኔ ነው የተማርሽው። የሀገሬ ሰው ካገኘው ያንብበው፣ አልከለክልም። የአንቺ ሰዎች ግን አያነቡትም። አንድ ነገር እንኳ ለብቻዬ ይኑረኝ እንጂ።

ሱቁ እዚያው ቴምቢሳ ሰፈር፣ እዚያው ጥግ ላይ ነው። የበሩን የብረት ፍርግርግ አረንጓዴ አስቀባሁት። የሚያፈሰው ጣሪያ ተሠራ። ድመትሽ ወፍራለች፤ በአንቺ ወንበር ላይ ማንንም አታስቀምጥም። በዚህ በዚህ እንስማማለን።

ቅናቴን ታውቂዋለሽ። እራት ቀርቦ ስልክሽ ሲጮህ ገና ሳታነሺው ሆዴ ያውቀው ነበር። ሴት ወደደች ተብላ ከቤት የተባረረች ልጅ እናትሽ ሰፈር አሌክሳንድራ ውስጥ መንገድ ዳር ቆማለች፤ አንቺም እንጀራሽን በግማሽ ትተሽ ትሄጃለሽ። ስትመለሺ ልጅቷ ሶፋችን ላይ ትተኛለች፣ ጠዋት «ማማ» ስትልሽ እሰማለሁ። ብርድ ልብሱን የማለብሳት እኔ፣ «ማማ» የምትባዪው አንቺ። ታሳዝነኝ ነበር፣ እቀናባትም ነበር፤ ሁለቱም በአንድ ሆድ።

አባትሽ ላይ እንኳ ቀንቻለሁ፣ ነፍሳቸውን ይማረውና። ለነፃነት ታስረው የተፈቱ ሰው፣ በልደታቸው ቀን ድንኳኑ በፓርቲ ጓዶቻቸው ሞልቶ ሳለ፣ አንቺ ማይኩን ተቀብለሽ «የታሰራችሁለት ነፃነት ለእኔ የደረሰኝ ግማሹ ነው፤ የቀረውን ታመጡልኛላችሁ ወይስ ራሴ ልምጣና ልውሰድ?» አልሻቸው። ሁለት ዓመት አላናገሩሽም። ከዚያ አንድ ጠዋት፣ ሴት ወደደች ተብላ የተገደለች የአንዲት ልጅ ጉዳይ በሚታይበት ፍርድ ቤት በር ላይ ዝናብ እየመታሽ ስትቆሚ፣ ያን አሮጌ ካፖርታቸውን ለብሰው መጡና አጠገብሽ ቆሙ። አንቺ አለቀስሽ። እኔም ደስ አለኝ፣ እውነቴን ነው። ግን የቆሙት እኔ ቦታ ላይ ነበር። ጃንጥላዬን ይዤ ወደ ኋላ ፈቀቅ አልኩ።

ከሁሉ የባሰው ግን የቀብርሽ ቀን ነው። በእናንተ ወግ ባል የሞተባት ፍራሽ ላይ እንደምትቀመጥ፣ ሟቹ ያላገባ ከሆነ ግን እናቱ እንደምትቀመጥ፣ አባትሽ ሲሞቱ አንቺ ነሽ የነገርሽኝ። እኛ ደግሞ አስራ አንድ ዓመት ሙሉ ፈርመን የኖርን ባለትዳሮች ነን፤ ወረቀቱ መሳቢያችን ውስጥ አለ። ስደርስ ፍራሹ ላይ እናትሽ ተቀምጠዋል። ያን ሁሉ ሰው አቋርጬ «ይሄ የኔ ነው» ልበል? ድንኳኑ ጫፍ ላይ የፕላስቲክ ወንበር አገኘሁ። ፓርቲው ተናገረ፣ ወንድምሽ ተናገረ፣ የተባረሩትን ልጆች የምትረጂበት ማኅበርሽ ተናገረ። ከሀገሬ ሰዎች የመጡት እትዬ ብርቄ ብቻ ነበሩ፤ እሳቸውም አቅፈውኝ «የጓደኛሽን ነፍስ ይማር» አሉ። ጓደኛ።

ከዚያ ደግሞ ማኅበርሽ ያሳተመው ካናቴራ መጣ። ወጣቶቹ ሁሉ ፊትሽን ደረታቸው ላይ አትመው ይሄዳሉ። ታክሲ ውስጥ ከአጠገቤ የተቀመጠች ልጅ ለብሳው አየሁና እስክትወርድ ሳፈጥባት ቆየሁ። ፎቶው እኛ ወጥ ቤት የተነሳነው ነው። የጆሮ ጌጡ የኔ ነው፣ አውሺኝ ብለሽ የወሰድሽው። እኔን ቆርጠው አውጥተውኛል። ትከሻሽ ላይ ግን ሁለት ጣቶቼ ቀርተዋል፣ መቀሱ ስቷቸው። የሚያያቸው ሁሉ የቀሚሱ እጥፋት ይመስለዋል።

እኔ ከል ለበስኩ። እናቴ ለአባቴ ዓመት ለብሳለች፣ እኔም ለአንቺ ለበስኩ። ከራስ እስከ እግሬ ጥቁር ሆኜ ዳቦና የስልክ ካርድ ስሸጥ ከረምኩ። ልበሺ ያለኝ የለም፤ አውልቂ የሚለኝም አይኖርም ብዬ ነበር።

ባለፈው ሐሙስ፣ ዓመቱን ሙሉ ደውለው የማያውቁት እናትሽ ደወሉ። «የለበስሽውን ጥቁር ሁሉ ሰብስቢ፣ የራስሽ ሻርፕም እንዳይቀር፣ ቅዳሜ እናቃጥለዋለን» ብለው ዘጉት። በእኛ አገር ከል ይወልቃል እንጂ አይቃጠልም። አንቺም ሁሉን ስትነግሪኝ ይህን አልነገርሽኝም። ደሜ ፈላ። ሬሳዋን ወሰዱ፣ ፎቶዋን ወሰዱ፣ አሁን ደግሞ ሐዘኔን ሊያነዱት ነው አልኩ። ከላዬ ካለው በቀር ያለኝን ጥቁር በፌስታል ቋጥሬ ከዱቄት ጆንያዎቹ ኋላ ደበቅሁት።

ቅዳሜ እናትሽ ከሁለት አክስቶችሽ ጋር ሱቁ ድረስ መጡ። ፍርግርጉን ቆለፍኩባቸው፣ አዎ፣ በአማቴ ላይ። ዳቦ ሊገዛ የተሰለፈው ሰው ሁሉ ዳቦውን ረስቶ ያዳምጣል። «ማማ፣ ይሄን እንኳ ለእኔ ይተዉልኝ፣ ጥቁሬን አልሰጥም» አልኳቸው። ትልቋ አክስትሽ ፍርግርጉን በዱላቸው መቱና «ስሚ አንቺ፣ የጓደኛ ጥቁር አይቃጠልም። ጓደኛ ከሆንሽ እስክታረጂ ልበሺው፣ ማን ይጠይቅሻል? እኛ የምናቃጥለው የሚስትን ነው» አሉ። ከሰልፉ አንዱ «ክፈቺላቸው እንጂ፣ እኔም ዳቦዬን ልውሰድ» አለ።

ቁልፉን ከኪሴ አወጣሁ፣ ግን አልከፈትኩም። እናትሽ በፍርግርጉ ቀዳዳ እጃቸውን ሰደው ጣቶቼን ያዙኝና ቀስ ብለው «ያን ቀን ፍራሹ ያንቺ ነበር። የባሌን ጓዶች ፈርቼ ነው። ክፈቺ፣ ማኮቲ» አሉኝ። ፖሊስ አባትሽን ሊያስር በራቸውን ሲሰብር ያልፈሩ ሴት፣ ኖምሳ። ማኮቲ ደግሞ ለቤቱ ሙሽራ የሚባል ነው፤ አስራ አንድ ዓመት ጠበቅሁት።

ከፈትኩላቸው፣ ፌስታሉንም ከጆንያዎቹ ኋላ አወጣሁ። የከሉ ልብስ አሌክሳንድራ፣ እናትሽ ጓሮ፣ በርሜል ውስጥ ነደደ። ሰማያዊ ቀሚስ አለበሱኝ፤ ወገቡ ላይ ይጠብባል፣ ግን አላወለቅሁትም፣ አሁንም ለብሼው ነው የምጽፍልሽ። አክስቶችሽ እልልታውን አቀለጡት፣ እኔም የአገሬን እልልታ ጨመርኩበት።

ስንለያይ እናትሽ «ማኅበሩ ለዘንድሮው ሰልፍ በሚያሳትመው ካናቴራ ላይ ሙሉውን ፎቶ እንዲያወጣ እነግራለሁ፣ አንቺም ትታዪ» አሉኝ። ስንት ጊዜ ያለቀስኩበት ነገር ነው። አሰብኩና «ይቅር፣ ፎቶው እንዳለ ይሁን» አልኳቸው። ልጆቹም «ማማ» ይበሉሽ፣ ፊትሽን ይልበሱት። መቅናቱን ግን አልተውም፣ እሱን እንዳትጠብቂ። እኔ የያዝኩትን ግን እኔና አንቺ እንወቀው። ፊትሽን በሰቀሉበት ሁሉ፣ በግድግዳውም በልጆቹ ደረትም፣ ጣቶቼ ትከሻሽ ላይ ናቸው። በሕይወት እስካለሁ አላነሳቸውም።

ሚስትሽ፣
መሠረት