በሕይወት ላለችው እናቴ ስለታሰበው የኅሊና ጸሎት

ይድረስ ለብሔራዊ የሰብዓዊ እርዳታ ማኅበር ክቡር ሊቀ መንበር፤
ለማኅበሩ ስድሳኛ ዓመት በዓል ሴይንት ፖል ባረፉበት ሆቴል።

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎ እንዴት እንደሆነ በታላቅ አክብሮት እጠይቃለሁ። ረጅሙ በረራ እግርዎን እንዳላሳበጠው፣ የሚኒሶታ ብርድም እንዳልከበደዎት ተስፋ አደርጋለሁ። ምናልባት ከበረደዎት ሆቴሉን ተጨማሪ ብርድ ልብስ ይጠይቁ፤ እዚህ አገር እንግዳን ብርድ ልብስ አልብሶ፣ ፎቶግራፍ አንስቶ፣ መልሶ የሚገፍፍ ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም።

ዮሐና ሐብተማርያም እባላለሁ። የማኅበርዎን የስድሳ ዓመት ታሪክ በሚተርከው አዲስ መጽሐፍ ውስጥ «ከጎርፉ ዘመን ጀምሮ የስደተኞች መጠለያውን ሳትለይ ስታገለግል ኖራ ባለፈው ዓመት በሥራ ላይ እንዳለች ያረፈች ጀግና» ተብላ የተጻፈችው የእታፈራሁ ልጅ ነኝ። ይህን ደብዳቤ ስጽፍ ሟቿ ከጎኔ ተቀምጣ ሽንኩርት እየከተፈች ነው። ለሞተ ሰው እጇ እጅግ ፈጣን ነው።

የትንሿን አገርዎን ስም በአደባባይ የማልጠራው ሕዝቧ ስላልበደለን ነው። ከኢትዮጵያ ተሰደን ድንበሩን ስንሻገር ውኃ ያጠጡን የመንደሩ ሴቶች ነበሩ። የመጽሐፉ ሁለተኛ ምዕራፍ ውኃውንም ማኅበሩ እንዳጠጣን ያስረዳል። ስለ ትጋትዎ አመሰግናለሁ።

ምስጋናዬንና አቤቱታዬን በቅደም ተከተል አቀርባለሁ።

አንደኛ፣ ስለ መርዶው። መጽሐፉ ከግብዣ ወረቀቱ ጋር ለኢትዮጵያውያን ሲታደል አንዱ ቅጂ ሜፕልዉድ ለሚኖሩት ለጋሽ ኦላና ደረሳቸው። ጋሽ ኦላና እኔን ሌክ ስትሪት ከምሠራበት ፋርማሲ ያውቁኛል፤ እናቴን ግን አይተዋት አያውቁም። ከሽፋኑ ፎቶግራፍ ሥር ስሜን ከእናቴ ስም ጋር ሲያዩ «ይህች ልጅ ሳትረዳ ቀርታለች» ብለው አዘኑ፤ እንደ ወጋችንም ወይዘሮ ባየሽንና ሌሎች ሁለት ሰዎችን አስከትለው ማክሰኞ ማለዳ ኒው ሆፕ ያለውን የቤታችንን በር አንኳኩ።

ጋሽ ኦላና ገና «ልብሽን ጠንከር አድርጊ፣ ልጄ» ከማለታቸው ወይዘሮ ባየሽ ለቅሶውን ለቀቁት። ማን እንደሞተ ለመጠየቅ አፌን ስከፍት እናቴ ከሌሊት ሺፍቷ ተመልሳ ገባች። ሰው ሲያለቅስ ባየች ጊዜ ቦርሳዋን ጥላ ወይዘሮ ባየሽ አጠገብ ተቀመጠችና አብራ አለቀሰች፤ አምርራ ነው ያለቀሰችው። ጥቂት ቆይታ በጆሯቸው ጠየቀች።

«እህቴ፣ ለመሆኑ ማን ነው ያረፈው?»

«እታፈራሁ ናት እንጂ! የዚህች የምስኪን እናት!»

«ኧረ እኔ ነኝ እታፈራሁ!»

ወይዘሮ ባየሽ አማትበው ሶፋው ጥግ ተለጠፉ። ጋሽ ኦላና ግን መጽሐፉን ገልጠው ለእናቴ እያሳዩ «ይኸው፣ በግልጽ ተጽፏል እኮ!» ሲሉ ተከራከሯት። የታተመን ነገር ማስተባበል ነውር ሳይመስላቸው አልቀረም። ለለቅሶ ያመጡትን ዳቦ ሟቿ ቆርሳ አበላቻቸው። ይህን ሁሉ ሳቅ ስላደረሱልን አመሰግናለሁ፤ እናቴ ግን እነሱ ከሄዱ በኋላ አልሳቀችም።

ሁለተኛ፣ ስለ ፎቶግራፉ። የመጽሐፉ ሽፋን ላይ ብርድ ልብስ ተከናንባ የምትታየው የአምስት ዓመት ልጅ እኔ ነኝ። መጠለያውን ጎርፍ በመታው ማግስት የውጭ ጋዜጠኞች መጥተው አንሥተውን ነበር። መኪናቸው ከዓይን እንደራቀ፣ በዚያን ጊዜ የመጠለያው ኃላፊ የነበሩት እርስዎ፣ ለሚቀጥለው ጉብኝት ንጹሕ ሆነው እንዲቆዩ ብርድ ልብሶቹ እንዲሰበሰቡ አዘዙ። የማኅበሩን ሰደርያ ለብሳ ታገለግል የነበረችው እናቴም ታዘዘች፤ ለሌሎች ምሳሌ እንድትሆን ከልጇ እንድትጀምር ተነገራት። ከእኔ ላይ ገፈፈችው። ከሁለተኛው ልጅ ዘንድ ስትደርስ እጇ እንቢ አለ፣ አፏም እንቢ አለ። በማግስቱ እርስዎ እናቶችን ሰብስበው «ብርድ ልብሶቻችሁን የሰረቀችው እታፈራሁ ናት» ብለው ሰደርያዋን በሰው ፊት አስወለቋት።

ሌባ ተብላ በሕይወቷ የተባረረችው ሴት ጀግና ተብላ የምትመለሰው ሞታ ብቻ መሆኑን ሳነብ መጽሐፉን ዘግቼ ስልክ ደወልኩልዎ።

እናቴ ሚኒሶታ ከመጣን ጀምሮ ሠርግ ላይ፣ ክርስትና ላይ፣ ማኅበር ላይ ተገኝታ አታውቅም። ሁልጊዜ «ሺፍት አለብኝ» ትላለች። አንዲት የመጠለያው እናት አይታ «ሌባዋ መጣች» እንዳትል ፈርታ ሌሊት መሥራትን እንደመረጠች የነገረችኝ በዚያው ማክሰኞ ነው።

ሦስተኛ፣ በስልክ ስለሰጡኝ ምክር። እናቴ በሕይወት እንዳለች ስነግርዎ እንኳን ኖረች አላሉም። መጽሐፉ ታትሟል፣ እንግዶቹ ተጋብዘዋል፣ ስለዚህ እናትሽ በዓሉ በሚከበርበት ቅዳሜ ከቤት ባትወጣ፣ አንቺ ግን ጥቁር ለብሰሽ የመታሰቢያ ሜዳሊያዋን ብትቀበዪ ለሁላችንም ክብር ነው አሉኝ። አሥር ዓመት ተምሬ ፋርማሲስት ስሆን ብዙ ዓይነት መርዝ አውቄአለሁ፤ እንዲህ በትሕትና የቀረበ ግን አላየሁም።

ክቡር ሆይ፣ እናቴ ሜዳሊያ አትፈልግም። ጀግና ነሽ መባልንም አትወድም፤ ከእኔ ላይ የገፈፈችውን ብርድ ልብስ እስከ ዛሬ ለራሷ ይቅር አላለችም። የምትጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ሌባ ባሏት አፍዎ፣ የመጠለያው ሰዎች በተሰበሰቡበት አዳራሽ፣ አልሰረቀችም፣ ያስሰበሰብኩት እኔ ነኝ እንዲሉ። እሱንም በሕይወት ሳለች። ከዚያ በኋላ በሚቀጥለው መጽሐፍ እንደፈቀዱ ይግደሏት።

ለሰጡት ጊዜ፣ ለማኅበሩ ገናና ታሪክና ያለ እርስዎ እርዳታ ለኖርንበት ዘመን ሁሉ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እየነሣሁ፣

ጥቁር ልብስ የሌላት፣
የእታፈራሁ ልጅ ዮሐና ሐብተማርያም
ኒው ሆፕ፣ ሚኒሶታ

ማስታወሻ፦ እናቴ የቅዳሜን ሺፍት ለሌላ ሰው ሰጥታለች። ከፊት ወንበር ላይ፣ በጋሽ ኦላናና በወይዘሮ ባየሽ መካከል ትቀመጣለች። መርሐ ግብሩ ላይ ለእሷ የአንድ ደቂቃ የኅሊና ጸሎት ተይዟል፤ ሰው ሁሉ ሲነሣ እሷም ትነሣለች። ጉልበቷን ስለሚያማት ቀስ ብላ ነው የምትነሣው፤ እባክዎን ቀጥ ብላ እስክትቆም ድረስ ጸሎቱን አይጀምሩ።