የሙታን አበባ በመስኮቴ ላይ

ልጄ ዶናቶ፣ ቅድስት ሉቺያ ዓይንህን ትጠብቅልህ። የኖርዌይ ብርድ እንዴት ይዞሃል? እኛ ደህና ነን። ወይራው ተለቅሞ አልቋል፤ አባትህ ወገቡን ይዞ ያጉረመርማል።

ከኖርዌይ ለእረፍት ወደዚህ ብቅ ያለችው እጮኛህ ሶልቬይግ እሁድ ልትጠይቀኝ መጣች፤ እኛ ለመቃብር ብቻ የምንገዛውን ነጭ አበባ ታቅፋ! ምነው አስቀድመህ ብትነግራት? ጎረቤታችን ኢማኮላታ አማተበችና፣ «ኤርሲሊያ፣ በቁምሽ ልትቀብርሽ ነው! ጣዪው!» ብላ ጮኸች። የልጅቷ ፊት ቀላ።

«ከቤቴ የምጥለውስ አንቺን ነው!» አልኳት ኢማኮላታን። አበባውን መንገድ ዳር ባለው መስኮት ላይ አኖርኩት። አሁን መንደርተኛው እያማተበ ያልፋል፤ እኔም ከአበባው ኋላ ብቅ ብዬ «ደህና ዋላችሁ!» እላለሁ።

ጌታ ጎጆአችሁን ያሙቅላችሁ። ስትመጡ ሶልቬይግ ያንኑ አበባ ታምጣልኝ። መቃብሬ ላይ ቢያኖሩት አላየውም።

እናትህ ኤርሲሊያ