የእኔ አይደለም ያልከኝ ምሥጢር

ለአያሌው፣ ለልጄ አባት፦

ከተለየኸኝ ሰባተኛ ወሩን ያዘ። ቢሮህን ለአከራዩ መልሰናል። የሕግ መጻሕፍትህ ሳሎኑን ሞልተውታል፤ የደንበኞችህን ፋይሎች ጓዳ አስገብቼ ቆልፌባቸዋለሁ። ልጃችን ዘንድሮ ሕግ ልታጠና ገብታለች።

እንድጽፍልህ ያነሳሳኝ ግን የሐሙስ ዕለቱ ነገር ነው።

አንዲት ሴት ከአዘና መጣች። በሩን ስከፍት ስሟን ነገረችኝ፤ ክው አልኩ። ከሦስት ዓመት በፊት፣ አንተ ስትታጠብ ስልክህን ከፍቼ ያየሁት ስም ነው። «ዛሬም እንቅልፍ አልወሰደኝም፤ ከእርስዎ ሌላ ሰው የለኝም» ይል ነበር መልእክቱ። «እርስዎ» ማለቷን እንኳ ልብ አላልኩም።

ያን ቀን የጮህኩብህን ታስታውሳለህ። ስልካቸው ለተበረበረባቸው ሰዎች ዕድሜህን ሙሉ ስትከራከር የኖርከው ለካ አንተም የምትደብቀው ቢኖርህ ነው አልኩህ። ፎጣህን እንደያዝክ ቆመህ «የእኔ ጉዳይ ቢሆን እነግርሽ ነበር፤ የእኔ አይደለም» አልከኝ። እኔም አላመንኩህም። ቅዳሜ ቅዳሜ በሚኒባስ አዘና ስትሄድ ምሳ አላቆይልህም ነበር። አልጋም ለየሁ። ከዳንግላ ችሎት ስትመለስ መኪና ውስጥ ልብህ የቆመ ዕለት፣ ጠዋት ደህና ዋል እንኳ አላልኩህም።

በሩን ልዘጋባት ነበር። «ፋይሌን ፈልጌ ነው፤ ሰው እጅ እንዳይገባ ፈርቼ» ስትል ድምፅዋ ተቆራረጠ። አስገባኋት።

ስልኳን እንዲጠግን የሰጠችው ሰው ፎቶዎቿን ገልብጦ ያስፈራራት ነበር ለካ። ጭንቁ ሲበዛባት ራሷን ልትጥል ዘንገና ሐይቅ ዳር ደርሳ ተመልሳለች። ለፖሊስ ያመለከትክላት፣ ጉዳዩ በዝግ ችሎት እንዲታይ የጠየቅክላት አንተ ነህ። እዚህ ከተማ መምጣት ስለፈራች፣ ሰውየው እስኪፈረድበት ድረስ አዘና እህቷ ቤት እየሄድክ ታማክራት ነበር። «እሳቸው ምንም አልነገሩዎትም?» አለችኝ። «ምንም» አልኳት።

ፋይሏን አንተ በሲባጎ እንዳሰርከው ሳልፈታ ሰጠኋት። ደረቷ ላይ አቅፋው ወጣች፤ ባጃጅ እስክትይዝ ድረስ ሸኘኋት።

በማግሥቱ ጎረቤታችን እማማ ጥሩ፣ የመጣችው ሴት ማን እንደሆነች ጠየቁኝ። በአዘናው መንገድህ ስምህን በክፉ ያነሱ ከነበሩት አንዷ እሳቸው ናቸው። እውነቱን ብነግራቸው ስምህ ከሐሜት ይነጻ ነበር። አፌ ላይ ደርሶ ተመለሰ። «እንግዳ ናት» ብዬ ገባሁ።

አያሌው፣ ምን ያህል ውጠህ እንደኖርክ ያኔ ገባኝ። ይቅር በለኝ፤ ዘግይቼብሃለሁ። በሰው ፊት ልሟገትልህ አልችልም። ልጃችን ግን አባቷ የሰው አደራ የማይበላ እንደነበር ከእኔ ትሰማለች። እኔም እስካለሁ አስታውስሃለሁ፣ የእሷን ስም ሳላነሳ።

አልማዝህ