ከፌስቲቫሉ በኋላ የሚነገር መርዶ

ሐሙስ

ምነው ባልሰማሁት! ካዛንቺስ ታክሲ ስጠብቅ የባንድ ጓደኛዬ የዳዊት አክስት እትዬ ዘውዴ አግኝተውኝ ክንዴን ይዘው ወደ ጥግ ወሰዱኝ። የዳዊት ታላቅ እህት ሰናይት ካናዳ ውስጥ በድንገት አርፋለች። እናታቸው ከሞቱ ወዲህ ያሳደገችው እሷ ናት።

«እሱ አልሰማም። እሁድ ጎህ ሲቀድ ሽማግሌ ይዘን እናረዳዋለን» አሉኝ። «ቅዳሜ ፌስቲቫል አለው አይደል? የለፋበትን አናበላሽበትም። አደራ ልጄ!»

ማን አደራ ስጡኝ አላቸው! የወይንና የጃዝ ፌስቲቫሉ በየዓመቱ ፓርኩ ውስጥ ይደረጋል፤ የኛ ባንድ የተጋበዘው ግን ገና ዘንድሮ ነው። ዳዊት ሳክስፎን፣ እኔ ኪቦርድ።

ዓርብ

መስቀል ፍላወር ልምምድ። ዳዊት ስልኩን ባነሳ ቁጥር ዓይኔ እጁ ላይ ነው። አንዱ ዘመድ ፌስቡክ ላይ ፎቶዋን ለጥፎ «ነፍስ ይማር» ቢልስ? ዳታ እንዳይከፍት ያላመጣሁት ሰበብ የለም። ደጋግሜ ስሳሳት «ምን ነክቶሻል? በቃ ፍቅር ይዞሻል» ብሎ ሳቀብኝ። ሽንት ቤት ገብቼ አለቀስኩ።

ብነግረው መጫወት ያቅተውና ሁሉም በኔ ይፈርዳል። ባልነግረው እሱ ይፈርድብኛል። እትዬ ዘውዴ ክፋት የላቸውም፤ እኛ ዘንድ መርዶ የሚነገረው እንዲህ ነው። እኔንም ቤተሰቦቼ የአባቴን ሞት ፈተና እስክጨርስ ደብቀውኛል። እስከ ዛሬ ይቆረቁረኛል።

ቅዳሜ

ዝናቡ አስፈራርቶን ሄደ። ሣሩ ላይ ሰው ጢም ብሏል፣ ብርጭቆውን ይዞ ይወዛወዛል። ዳዊት እንደ ዛሬ ተጫውቶ አያውቅም። ይህን በደስታ መጻፍ ነበረብኝ።

መጨረሻ ላይ ብቻውን የሚጫወተው አለ። ስልኩን አቀበለኝ። «ለሰናይት የምልክላት ነው፣ ፊቴ እንዲታይ አድርጊ።»

ቀረጽኩት። ምን ላድርግ? ከመድረክ እንደወረደ ላከላት። «አላየችውም፣ ሥራ ላይ ናት መሰለኝ» አለ።

«ታየዋለች» አልኩት። እንዴት ከአፌ ወጣ?

እሁድ

ጎህ ሲቀድ ቡልጋሪያ ሰፈር፣ የዳዊት በር ላይ ቆምን። ሁለት ሽማግሌዎች፣ እትዬ ዘውዴ፣ እኔ ከኋላ። በሩን ከፍቶ በዚያ ሰዓት ሽማግሌ ሲያይ ገባው። ማንም ሳይናገር «ማን ነው የሞተው?» ብሎ ጮኸ። ስሟን ሲሰማ ወለሉ ላይ ወደቀ።

ከወደቀበት ቀና ብሎ አየኝ። «ትናንት ታውቂ ነበር?»

«ደስ ብሎህ እንድትውል ብለን ነው ልጄ» አሉ እትዬ ዘውዴ። እሱ የጠየቀው ግን እኔን ነው።

«አዎ» አልኩ። ፊቱን አዞረ።

ማክሰኞ

ድንኳኑ ውስጥ ከእድርተኞቹ ጋር ለቀስተኛ ሳስተናግድ ዋልኩ። ዳዊት በአጠገቡ ባለፍኩ ቁጥር ዓይኑን መሬት ላይ ይተክላል። ሰው ቀለል ሲል ውሃ አቀበልኩት፤ እጄን ያዘኝ።

«ሁለተኛ፣ የኔ ሰው ሲሞት እንዳትደብቂኝ።»

«እሺ» አልኩት። እጄን እንዳይለቀው ፈልጌ ነው። እውነቱን ልጻፍ፦ እትዬ ዘውዴ ነገ መጥተው ሌላ አደራ ቢሉኝ፣ ምን እንደማደርግ አላውቅም።